«ሞተባት»፣ «ሞተላት»፦ ሐዘንና ዳግም ፍቅር በአንድ የጅቡቲ ከተማ ፊልም

በጅቡቲ ከተማ፣ ከአንድ ሆስፒታል በር ፊት ለፊት፣ አካፋ የያዙ ወንዶች ይጠብቃሉ። የመጡት በሽተኛ ሊጠይቁ አይደለም፤ የሚጠብቁት ሰው እስኪሞት ነው። አምቡላንስ በደረሰ ቁጥር ይነሣሉ፤ የመጣው ሰው በሕይወት ከሆነ ተመልሰው ይቀመጣሉ። ከእነዚህ ሰዎች አንዱ ጉሌድ ነው። እርሱ እዚህ በሌላ ሰው ሞት ዕለታዊ እንጀራውን ሲጠብቅ፣ ሚስቱ ናስራ ቤት ውስጥ በኩላሊት ሕመም እየደከመች ትሄዳለች። ለቀዶ ሕክምናዋ 5,000 ዶላር ያስፈልጋል። ያን ያህል ገንዘብ ለማግኘት አንድ ቆፋሪ ስንት ሰው መቅበር እንዳለበት ፊልሙ አያሰላም፤ ተመልካቹ ግን ማስላቱ አይቀርም።

የሶማሌ ተወላጁ የፊንላንድ የፊልም ባለሙያ ኻድር ዐይደሩስ አሕመድ ጽፎ ያዘጋጀው ይህ ሥራ «ጉሌድና ናስራ» ይባላል፤ በዓለም ገበያ ደግሞ «የመቃብር ቆፋሪው ሚስት» በሚል ስም ይታወቃል። ቀረጻው በጅቡቲ ከተማ የተካሄደ፣ ንግግሩም በሶማልኛ የሆነ ፊልም ነው። በ2021 እ.ኤ.አ. በካን ፌስቲቫል የሐያስያን ሳምንት ለመጀመሪያ ጊዜ ታየ፤ በዚያው ዓመት በዋጋዱጉው የፌስፓኮ ፌስቲቫል ከፍተኛውን ሽልማት፣ የየኔንጋን የወርቅ ፈረስ፣ ተቀበለ። ሶማሊያም ለኦስካር ውድድር ያቀረበችው የመጀመሪያ ፊልሟ ይኸው ነበር። ጉሌድን ዑመር ዐብዲ፣ ናስራን ያስሚን ወርሰሜ ተጫውተውታል።

ፊልሙ ከሐዘን በኋላ ዳግም ፍቅርን ስለማግኘት ከሚናገሩት ፊልሞች ወገን ይቆጠራልን? በተለመደው መለኪያ አይቆጠርም። የዚያ ዘውግ ሥርዓት የታወቀ ነው። በክሎድ ለሉሽ «ወንድና ሴት» (1966 እ.ኤ.አ.) ባሏ የሞተባት ሴትና ሚስቱ የሞተችበት ወንድ በልጆቻቸው ትምህርት ቤት ይተዋወቃሉ፤ ሴቲቱ በአዲሱ ሰው እቅፍ ውስጥ ሆና የሟቹ መልክ እየመጣ ይከለክላታል። «እንቅልፍ አልባ በሲያትል» በተባለው የ1993 እ.ኤ.አ. የአሜሪካ ፊልምም ሚስቱ የሞተችበት አባት ከተማ ይለውጣል፤ ሁለተኛዋን ሴት የሚያመጣለት ደግሞ ለሬዲዮ ጣቢያ የደወለው ትንሽ ልጁ ነው። ሁለቱም ፊልሞች ሦስት ነገሮችን ይፈልጋሉ፦ ሞቱ ካለፈ በኋላ ጊዜ መሄድ አለበት፤ ሐዘንተኛው ብቻውን መሆን አለበት፤ ሁለተኛው ሰው ደግሞ ባዳ መሆን አለበት። በተለይ ሦስተኛው ነገር ዋነኛ ነው። የዚህ ዓይነት ፊልም ደስታ የሚመነጨው ማንም ካልጠበቀው አቅጣጫ ከሚመጣ ሰው ነውና።

በአፍሪካ ቀንድ ግን ሁለተኛው ሰው ብዙ ጊዜ አስቀድሞ ይታወቃል። ሶማልኛ ይህን የሚጠራበት ሁለት ስም አለው። ባል የሞተባት ሴት የሟቹን ወንድም ወይም የቅርብ ዘመዱን የምታገባበት ልማድ «ዱማል» ይባላል፤ የወንድም ሚስት የምትጠራበት «ዱማሺ» የሚለው ቃልም ከዚሁ ግንድ ነው። ሚስቱ ለሞተችበት ወንድ የሟችን እኅት የሚሰጡበት ልማድ ደግሞ «ሒግሲሳን» ነው። ይህ ቃል የተሠራው «ተከተለ፣ ቀጥሎ ሆነ» ከሚል ግሥ በአስደራጊ ምዕላድ ነው፤ ቃል በቃል «እንዲከተል የተደረገ» ማለት ነው። የሶማሌን ማኅበረሰብ ያጠኑት አይ. ኤም. ሉዊስ ሁለቱንም መዝግበዋቸዋል። በኦሮምኛ «ዻላ» የሚለው ቃል ውርስን ሲያመለክት፣ በዚያው መጠን የሟች ወንድም መበለቲቱን የሚያገባበትን ልማድ ያመለክታል። አማርኛም የባልን ወንድም «ዋርሳ» ይላል። ቃሉን «ወረሰ» ከሚለው ግሥ ጋር ማያያዝ ያጓጓል፤ ኦሮምኛም ይህንኑ ቃል ስለሚጋራ ግን ጉዳዩ ጆሮን ብቻ በማመን የሚፈታ አይደለም።

እንግዲህ የ«ወንድና ሴት»ን ዓይነት ታሪክ ለመንገር የሚያስፈልገው ባዶ ቦታ በእነዚህ ቋንቋዎች ውስጥ በዝምድና ቃል የተያዘ ነው። ባዳው ከመምጣቱ በፊት ዘመድ ተቀምጧል። ይህ ልማድ ግፍ ብቻ ነበር ማለት ችኮላ ይሆናል፤ ልጆችን ከአባታቸው ቤት፣ ሴቲቱንም ከከብቷ ሳይነጥል ያቆያል። ይሁንና የሴቲቱ ልብ ከስሌቱ ውጭ የሚቀርበት ጊዜ ጥቂት አልነበረም። በኢትዮጵያ በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ በዘጠነኛው አንቀጹ ሴት የባሏን ወንድም፣ ወንድም የሚስቱን እኅት እንዳያገቡ ከልክሏል። በዚህ ሕግ ዓይን ዱማልም ሒግሲሳንም የማይፈጸሙ ጋብቻዎች ናቸው። ቃሎቹ ግን በአዋጅ አይሻሩም፤ ድርጊቱ ሲቀር በተረትና በስድብ፣ አንዳንድ ጊዜም በቀልድ ውስጥ ይቆያሉ።

የ«ጉሌድና ናስራ» ጥንካሬ የሚታየው እዚህ ላይ ነው። ባልና ሚስቱ ከመንደራቸው ወጥተው ከተማ የገቡት የዘመድ ፈቃድ ሳያገኙ አብረው ለመኖር ሲሉ ነው፤ ዘመድም ይቅር አላላቸውም። ይህ በፊልሙ ውስጥ እንደ ኋላ ታሪክ ብቻ ይጠቀሳል፤ የዝምድናን ሥርዓት የሚያውቅ ተመልካች ግን ሙሉ ትርጉሙን ይረዳል። ያለ ወላጅ ስምምነት በተመሠረተ ትዳር ውስጥ ሒግሲሳን የለም። ናስራ ብትሞት «ተከታይ» የምትሰጥ ቤተሰብ የለችም፤ ጉሌድ ቢሞትም ለዱማል የሚቀርብ ወገን አይኖርም። በፍቅር መጋባታቸው የመተካትን በር ዘግቶባቸዋል። በፍቅር ታሪኮች ሁሉ «ያለ እርሷ ሌላ የለም» የሚል ስሜት ይነገራል። በዚህ ፊልም ግን ይህ ስሜት ብቻ ሳይሆን የዝምድና እውነታም ነው፤ በቋንቋቸው ለእነርሱ «ቀጣይ» የሚባል ሰው የለም።

ስለዚህ በዚህ ፊልም ዳግም የሚገኘው ፍቅር የሌላ ሰው ፍቅር አይደለም። ሞት ቤት ውስጥ ገብቶ ከተቀመጠ በኋላ ያችኑ ሚስት እንደገና ማፍቀር ነው። ባልና ሚስቱ አንድ ቀን ለብሰው፣ ተሸላልመው፣ ሳይጠሩ ወደ ሰው ሠርግ ይገባሉ። በበሽታና በድህነት መካከል የተሰረቀ ደስታ ነው። ያለ ምርቃት የተጋቡ ሰዎች በሌሎች ምርቃት ሥር ሲቀመጡ ማየት፣ ፊልሙ ካሉት ነገሮች ሁሉ ለዳግም ጋብቻ የሚቀርበው ትዕይንት ነው። ዳይሬክተሩ በዚህ ቦታ ምንም ነገር አያስረዳም፤ መልካም አድርጓል።

ስለ ስሞቹም ጥቂት ማለት ይገባል። «ጉሌድ» ድል የሚል ፍች ካለው ከሶማልኛው «ጉል» የመጣ ነው፤ «ባለ ድል» እንደማለት። «ናስራ» ከዐረብኛው «ነስር» የመጣች ናት፤ እርሱም ድል፣ እርዳታ ማለት ነው። ሁለቱ ሰዎች አንድ ትርጉም በሁለት ቋንቋ ተጠርተዋል፤ አንዱ በኩሻዊ ሥር፣ አንዷ በሴማዊ ሥር። በሞት የሚተዳደር ሰው «ባለ ድል» ሲባል ምፀቱ ግልጽ ነው። በሁለተኛዋ ስም ውስጥ ያለው «እርዳታ» የሚለው ፍች ግን የፊልሙን ጥያቄ ሁሉ ይዟል፦ ማን ማንን ይረዳል? ይህ ከትርጉም ጽሑፍ ጋር ለሚያየው ባዕድ ተመልካች የማይደርስ ነገር ነው፤ ለጅቡቲ ከተማ ሰው ግን የዕለት ተዕለት ንግግር ነው። መንግሥት በፈረንሳይኛና በዐረብኛ በሚሠራባት፣ ሕዝቡ በሶማልኛና በአፋርኛ በሚኖርባት፣ ከወደብና ከባቡር ጋር የመጣ አማርኛ በገበያዋ በሚሰማባት ከተማ ስምን በሁለት ቋንቋ መስማት እንግዳ አይደለም።

ከስሞቹ ይልቅ ጠለቅ የሚለው ሰዋስው ነው። አማርኛ «ባሏ የሞተባት» ይላል። በግሡ መጨረሻ ያለችው «ባ» ጉዳትን ታመለክታለች፤ ሞቱ በሟቹ ላይ ከደረሰው በላይ በሴቲቱ ላይ ደርሷል። «ቤቱ ተቃጠለባት»፣ «ልጇ ታመመባት» ሲባልም መዋቅሩ ያው ነው። ሶማልኛ ይህንኑ ሐሳብ በሌላ መንገድ ይገልጻል፤ «ከ ዺንተይ» ሲባል ቃል በቃል «ከእርሷ ሞተ» ማለት ነው። «ከ» መለየትን፣ መነጠልን ያሳያል። (የሶማልኛው «ከ» እና የአማርኛው «ከ» በድምፅም በትርጉምም መገጣጠማቸው የሚያስደስት ነው፤ በዚህ ብቻ ተነሥቶ ዝምድና መቁጠር ግን የቋንቋ ጥናት ጀማሪዎች ስሕተት ነው።) አንዱ ቋንቋ ሟቹን በሐዘንተኛዋ ትከሻ ላይ ያሳርፋል፤ ሌላው ከእጇ ይወስዳል። ከዚህ ተነሥቶ «አማርኛ ተናጋሪ መበለት ሸክም ተሸካሚ ናት፣ ሶማልኛ ተናጋሪዋ ግን ነፃ ናት» ማለት ግን ሰዋስውን ጠንቋይ ማድረግ ይሆናል። ምዕላድ ዕጣ አይወስንም። ሆኖም አንድ ተርጓሚ የሶማልኛውን «ከእርሷ ሞተ» ወደ አማርኛ ሲመልስ ሳያስበው ሸክሙን ይጨምራል፤ ከአማርኛ ወደ ሶማልኛ የሚመልሰውም ሸክሙን ያነሣል። ስለ ሐዘን በሚናገር ፊልም ይህ ትንሽ ነገር አይደለም።

አማርኛ ሌላም አማራጭ አለው። «ሞተባት» እንደሚል ሁሉ «ሞተላት» ይላል፤ በዕለታዊ ንግግርም እጅግ የሚወድን ሰው «ይሞትላታል» ይባላል። አንዲት ፊደል ጉዳትን ወደ ስጦታ ትለውጣለች። ጉሌድ የከብት ድርሻውን ለመጠየቅ ወደ መንደሩ በእግሩ ሲጓዝ፣ ፊልሙ ከመጀመሪያው ፊደል ወደ ሁለተኛው ይሻገራል፤ ሚስቱ እንዳትሞትበት ሊሞትላት ይነሣል። ይህን ልዩነት ከአማርኛ በተሻለ የሚያሳይ ቋንቋ በአካባቢው ጥቂት ነው፤ አማርኛ ግን በፊልሙ ውስጥ የለም። የትርጉም ጽሑፍ አንዳንድ ጊዜ ዋናው ሥራ የሌለውን ነገር ያበድራል።

መበለትን የሚጠሩ ስሞችም ሌላ ችግር አለባቸው። «መበለት» ከግእዝ የመጣና የመጽሐፍ ሽታ ያለበት ቃል ነው፤ በቤተ ክርስቲያን ንባብ ካልሆነ ስለ ጎረቤት ሲወራ ብዙም አይነሣ። «ፈት» የተፋታችውን ይጠራል። «ጋለሞታ» በገጠር ባል የሌላትን ሴት፣ የፈታችውንም የሞተባትንም፣ ይጠራ የነበረ ሲሆን፣ በጽሑፍና በከተማ ንግግር ወደ ሴተኛ አዳሪነት ወርዷል። የአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስም ረዓብን «ጋለሞታ» ይላታል። በሶማልኛ «ገሮብ» ባሏን የፈታችውንም የሞተባትንም ሴት በአንድነት ይይዛል፤ ከዐረብኛ የተዋሰው «ዐርመል» ደግሞ የሞተበትን ሰው ለይቶ ይጠራል። ባል የሌላትን ሴት የሚጠራ ቃል ጊዜ በሄደ ቁጥር ወደ ነውር የሚያዘነብል ከሆነ፣ ስለ ዳግም ፍቅሯ ፊልም የሚሠራ ሰው በስሟ ሊጠራት ሲፈልግ ገና ከመጀመሪያው ይቸገራል። በሴቶች ላይ የሚታየው የቃል መዋረድ ደግሞ በወንዱ ላይ አይታይም። «ሚስቱ የሞተችበት» ሰው በአማርኛ አንድ ቃል እንኳ የለውም፤ ስለዚህም የሚዋረድ ስም የለውም።

በጅቡቲ ሌላ ሴት ዳይሬክተር ይህን ነገር በተዘዋዋሪ ነክታዋለች። የሉላ ዐሊ ኢስማዒል «ዸሊንያሮ» (2017 እ.ኤ.አ.)፣ ትርጉሙም «ወጣቶች»፣ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን ስለሚጨርሱ ሦስት የጅቡቲ ልጃገረዶች የሚናገር የመጀመሪያው የጅቡቲ ረጅም ልብ ወለድ ፊልም ነው። ከሦስቱ አንዷ የዴካ እናት ልጇን ያለ ባል የምታሳድግ ሴት ናት። ፊልሙ ይህችን እናት አያዝንላትም፤ ዳግም እንድታገባም አያጓጓም። ኑሮዋ ሥራዋና ልጇ ናቸው። «ገሮብ» የሚለው ቃል በሚያስከትለው ዓይን ስላላያት ብቻ ፊልሙ ሊመሰገን ይገባል። ዴካ ግን ከእርሷ በዕድሜ ከሚበልጥ ባለትዳር ወንድ ጋር ስትቀራረብ፣ እናቲቱ የተወችው ጥያቄ በልጇ በኩል ተመልሶ ይመጣል።

ወደ አዲስ አበባ ሲኬድ ነገሩ ከጋብቻ ይርቃል። በያሬድ ዘለቀ «ላምብ» (2015 እ.ኤ.አ.) እናቱ የሞተችበት ኤፍሬም ፍቅሩን የሚያሳርፈው በበጉ ላይ ነው። በሄርሞን ኃይላይ «የፍቅር ዋጋ» (2015 እ.ኤ.አ.) የታክሲ ሾፌሩ ቴዲ በሴተኛ አዳሪነት ትተዳደር የነበረችውን እናቱን ካጣ በኋላ፣ በዚያው ሥራ ላይ ያለች ሴት ይወድዳል። የጠፋው ፍቅር የእናት ነው፤ የተገኘውም በእርሷ ጥላ ውስጥ ነው። «ጋለሞታ» የሚለው ቃል ከመበለትነት ወደ ሴተኛ አዳሪነት የሄደበትን መንገድ ይህ ፊልም ሳያውቀው በተገላቢጦሽ ይሄድበታል፤ ሴቲቱን ከስሟ አውጥቶ ሰው ያደርጋታል። ሁለቱም ፊልሞች ግን ስለ ባልና ሚስት ሐዘን አይደሉምና ከዚህ በላይ ማጠንጠኑ አያስፈልግም።

የሐዘን ጊዜ በየሥርዓቱ የተቆጠረ ነው። በእስልምና ባሏ የሞተባት ሴት አራት ወር ከዐሥር ቀን ትጠብቃለች፤ በሶማሌ ባህል ይህ ጊዜ «አሳይ» ይባላል፤ ልብሱም ነጭ ነው። በኢትዮጵያ የቤተሰብ ሕግ ዐሥራ ስድስተኛ አንቀጽ መሠረት ጋብቻዋ የፈረሰ ሴት 180 ቀን ሳይሞላ ሌላ አታገባም፤ ከቀድሞ ባሏ ጋር ከሆነ ግን ክልከላው አይነካትም። በደጋው ሐዘንተኛ የምትለብሰው «ከል» ጥቁር ነው። «አሳይ»ን «ከል» ብሎ የሚተረጉም ሰው ቀለሙን ይለውጣል። ለቃላት መፍቻ አዘጋጅ ይህ የአንድ መስመር ማስታወሻ ነው፤ ለፊልም ተርጓሚ ግን ተመልካቹ ነጭ ለብሳ በሚያያት ሴት ሥር «ከል ለብሳ» ብሎ የመጻፍ አሳፋሪ ስሕተት ነው። የሕጉ ልዩነት ደግሞ ለጉሌድና ለናስራ የተጻፈ ይመስላል። መጠበቅ ከማያስፈልግባቸው ዳግም ጋብቻዎች አንዱ ከያው ሰው ጋር የሚደረገው ነው።

ፊልሙ ድክመት የለበትም ማለት አይደለም። ጉሌድ ከከተማ ከወጣ በኋላ ታሪኩ ወደ ምሳሌ ይጠጋል። በረሃው ውብ ነው፤ ተጓዡ ብቸኛ ነው፤ ጥሙም ተሰምቷል። ነገር ግን ከተማ ውስጥ በትንሽ ነገር ይናገር የነበረው ፊልም እዚህ በአድማስ ይናገራል። በሆስፒታሉ በር ላይ ያሉት የጓደኞቹ ቀልድና ሽሚያ፣ በሰው ሞት የሚተዳደሩ ሰዎች እርስ በርሳቸው የሚተሳሰቡበት መንገድ፣ ከመንገዱ ሁሉ የሚበልጥ ነገር ነበረው። ናስራም በዚህ ክፍል ከታሪኩ ትርቃለች። ስለ እርሷ ሕይወት በተጀመረ ጉዞ ላይ ድምፅዋ መቀነሱ፣ ዓለም አቀፉ ርእስ ከስሟ ይልቅ «ሚስት» የሚለውን መምረጡን ያስታውሳል። «ጉሌድና ናስራ» በሚለው ርእስ ሁለቱም በስማቸው፣ ጎን ለጎን፣ በአንድ «ና» ተያይዘው ይቆማሉ።

ያም ርእስ በአማርኛ ሲጻፍ ሌላ ምርጫ ይመጣል። ሶማልኛ የጉሌድን ሥራ «ሐባል ቆዴ» ይለዋል፤ መቃብር የሚቆፍር ማለት ነው። አማርኛ «መቃብር ቆፋሪ» ቢል በቂ ነው፤ «ቀባሪ» ቢል ግን ሌላ ነገር ይናገራል። ቀባሪ በገንዘብ የሚሠራ ሰው አይደለም፤ ዘመድ ነው፣ ወገን ነው። ያረጁ ሰዎች «ቀባሪ አታሳጣኝ» ብለው የሚጸልዩት ስለ አካፋ አይደለም። ዘመድ የካዳቸው ባልና ሚስት በሰው አገር ከተማ ያላቸው ቀባሪ አንዳቸው ለሌላቸው ብቻ ናቸው። ጉሌድ ባዳን በየቀኑ እየቀበረ ለአንዲት ሴት ቀባሪ ላለመሆን በእግሩ ይሮጣል። «የመቃብር ቆፋሪው ሚስት» የሚለው የአማርኛ ርእስ ለዚህ ሰው ሥራውን ብቻ ይሰጠዋል፤ «የቀባሪው ሚስት» ቢባል ደግሞ ናስራ ሳትሞት ተቀብራለች። ምናልባት ለአማርኛ ተመልካች ከሁለቱም የሚሻለው፣ ሁለቱን ድሎች ሳይተረጉሙ «ጉሌድና ናስራ» ብሎ መተው ይሆናል።